ሊዝ ስሚዝ፦ ስለ እንግሊዛዊቷ «አያት» የሚባለውና እውነታው

በ2005 የወጣውን «ቻርሊ ኤንድ ዘ ቸኮሌት ፋክተሪ» የተባለ ፊልም ያየ ሰው አንድ አልጋ ላይ የሚተኙትን አራት አያቶች አይረሳም። ከእነሱ አንዷ፣ አያት ጆርጂና፣ ሊዝ ስሚዝ ናት። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) እንግሊዞች በደንብ ያውቋታል። ከአገሯ ውጭ ግን ስሟን የሚያውቅ ጥቂት ነው።

«ትወና የጀመረችው በሃምሳ ዓመቷ ነው»

በብዛት የሚወራው ይሄ ነው። ለዜና ያምራል፤ ግን ልክ አይደለም። በ1921 ስከንቶርፕ በምትባል ከተማ ተወለደች። እናቷን በሕፃንነቷ አጣች፣ አባቷም ጥሏት ሄደ፣ ያሳደገቻት አያቷ ናት። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ባሕር ኃይል ውስጥ አገለገለች። አገባች፣ ሁለት ልጆች ወለደች፣ ተፋታች። ከዚያ በኋላ ልጆቿን ለማሳደግ ያገኘችውን ሁሉ ሠራች፤ የፕላስቲክ ከረጢት ፋብሪካ ሳይቀር። ትወናውን ግን አልተወችም። ለንደን ውስጥ ቻርለስ ማሮዊትዝ ከሚመራው ቡድን ጋር ያለ ጽሑፍ፣ እዚያው እየፈጠሩ መተወንን ለዓመታት ተለማመደች።

በ1970 ሃምሌይስ በሚባለው የመጫወቻ መደብር ሻጭ ሆና ስትሠራ ማይክ ሊ የተባለ ወጣት ዳይሬክተር ፈለጋት። እሱ የሚፈልገው ጎልማሳ ሴት፣ ያውም ያለ ጽሑፍ መተወን የምትችል ነበር። እንዲህ ያለ ሰው ከየትም አይገኝም! ፊልሙ «ብሊክ ሞመንትስ» በ1971 ወጣ። በሃምሳ ዓመቷ የመጣላት ካሜራው ነው፤ ሙያውማ ቀድሞም በእጇ ነበር።

«ከማሳቅ ሌላ አትችልም»

በ1973 ቢቢሲ ያሳየውን «ሃርድ ሌበር» ያየ ሰው እንዲህ አይልም። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ እሷ ናት፦ በሰው ቤት የምታጸዳ፣ በራሷም ቤት የምትለፋ፣ ብዙ የማትናገር ሚስት። አንድም የሚያስቅ ነገር የላትም። ለእኔ ትልቁ ሥራዋ ይህ ነው።

«ረዳት ተዋናይ ማለት አጃቢ ማለት ነው»

አይደለም። በ1984ቱ «ኤ ፕራይቬት ፈንክሽን» ፊልም የታዋቂዋን ተዋናይት የማጊ ስሚዝን እናት ሆና ሠርታ ባፍታ የተባለውን የእንግሊዞች የፊልም ሽልማት በረዳት ተዋናይነት ወስዳለች። በነገራችን ላይ «ልጅየዋን» የምትበልጣት በ13 ዓመት ብቻ ነው።

«ካሜራ ፊት ከቆመች በኋላ ዝናው ወዲያው መጣ»

የት! በየእንግሊዙ ቤት የገባችው «ዘ ሮይል ፋሚሊ» በተባለው አስቂኝ የቴሌቪዥን ድራማ ነው፤ ድራማው በ1998 ሲጀምር 76 ዓመቷ ነበር። ናና የተባለችውን አያት ስትጫወት ሥራዋ በአብዛኛው ሶፋ ላይ ተቀምጦ ማውራትና መነጫነጭ ነው። ቀላል ይመስላል። በ2006 ናና የሞተችበት ክፍል ሲተላለፍ ግን ተመልካቹ የገዛ አያቱ የሞተችበት ያህል አለቀሰ። ሊዝ ከዚያም በኋላ ሠርታለች። ያቆመችው በ2009፣ 87 ዓመቷ ላይ፣ ስትሮክ ካገኛት በኋላ ነው።