የደመወዝ ጣሪያ ምንድን ነው? የቧንቧ ሠራተኛው ኮከብ ታሪክ

ከጥቂት ዓመታት በፊት የእኛ ፕሪሚየር ሊግ ክለቦች የተጫዋች ደመወዝ በወር ከ50 ሺህ ብር አይለፍ ብለው ሲወስኑ «የደመወዝ ጣሪያ» የሚለው ቃል የስፖርት ወሬ ማሟሻ ሆኖ ነበር። እንግሊዞች በዚህ ጣሪያ ሥር 60 ዓመት ኖረውበታል።

ነገሩ ቀላል ነው። ክለብ ለአንድ ተጫዋች በሳምንት ከዚህ በላይ መክፈል አይችልም ተብሎ ይቆረጣል። ኮከብ ሁን አትሁን፣ ያው ነው። እንግሊዝ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1901 ሲጀመር 4 ፓውንድ ነበር። በ1947 12 ፓውንድ፣ በ1958 ደግሞ 20 ፓውንድ ደረሰ። ያውም ሊጉ ሲዘጋ ይቀነሳል። ምክንያቱን ስትሰሙት ደግ ነገር ይመስላል፤ ባለ ገንዘቡ ክለብ ጎበዝ ጎበዙን ለብቻው እንዳይሰበስብ ነው። ችግሩ ስታዲየሞቹ ጢም ብለው መሙላታቸው ነው። በ1948/49 የውድድር ዓመት የሊጉን ጨዋታዎች ለማየት ከ41 ሚሊዮን በላይ ትኬት ተቆርጧል። ከዚያ ሁሉ የመግቢያ ገንዘብ ተጫዋቹ ኪስ የሚገባው ያችው የተቆረጠችው ናት።

ይህ ሕግ በአንድ ሰው ኑሮ ላይ ምን እንደሠራ ለማየት ቶም ፊኒን የመሰለ የለም።

ፊኒ በ1922 ፕሬስተን ከተማ ተወለደ። አባቱ ልጁ በእግር ኳስ ብቻ እንዲተማመን አልፈለጉም። መጀመሪያ የቧንቧ ሥራህን ተምረህ ጨርስ አሉት። ጨረሰ። ጦርነቱ መጣና ግብፅ ድረስ ዘምቶ ታንክ ነዳ። ሲመለስ ለፕሬስተን ኖርዝ ኤንድ ክንፍ ላይ ይጫወታል፣ ከዚያ የሰው ቧንቧ ይጠግናል። ቅጽል ስሙም «የፕሬስተኑ ቧንቧ ሠራተኛ» ሆነ። ለእንግሊዝ 76 ጊዜ ተሰልፎ 30 ጎል ያገባ ሰው ነው እንግዲህ። የሊቨርፑል ደጋፊዎች የምታመልኩት አሰልጣኝ ቢል ሻንክሊ ፕሬስተን ላይ አብሮት ተጫውቷል። ፊኒ ካፖርት ለብሶ ቢገባ እንኳ በየትኛውም ዘመን ታላቅ ይሆን ነበር እያለ ሲያወራ ኖሯል።

በ1952 እንግሊዝ ጣሊያን ሄዳ ስትጫወት የፓሌርሞ ክለብ ፕሬዚዳንት ፊኒን አስጠሩት። ልዑል ናቸው፣ ገንዘብ አላቸው። የፊርማ 10 ሺህ ፓውንድ፣ በወር 130 ፓውንድ ደመወዝ፣ ቪላ፣ መኪና አቀረቡለት። በጊዜው እንግሊዝ ውስጥ ጣሪያው በሳምንት 14 ፓውንድ ነው። የፊርማው ብቻ ከ13 ዓመት ደመወዝ ይበልጣል! ፊኒ አገሩ ገብቶ ለክለቡ ሊቀመንበር ነገራቸው። መልሳቸው አጭር ነበር፦ ለእኛ ካልተጫወትክ ለማንም አትጫወትም።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። ብዙ ሰው ፊኒን ያሰረው ጣሪያው ይመስለዋል። እኔ አይመስለኝም። ጣሪያ ብቻ ቢሆን ኖሮ ሻንጣውን ይዞ ፓሌርሞ ይገባ ነበር። ያሰረው ከጣሪያው ጋር ተጣምሮ የሚሠራው ሌላው ደንብ ነው፤ የማቆየትና የማዘዋወር ደንብ። ውሉ የአንድ ዓመት ነው። ዓመቱ ሲያልቅ ክለቡ «አቆየዋለሁ» ካለ ተጫዋቹ አልፈርምም ቢልም ወደ ሌላ ክለብ መሄድ አይችልም። ደመወዝም ላይከፈለው ይችላል። ጣሪያው ከላይ፣ ደንቡ በር ላይ። በእርግጥ አንዳንድ ክለቦች በጠረጴዛ ሥር ያቀብሉ ነበር። ሰንደርላንድ በ1957 ተይዞ 5 ሺህ ፓውንድ ተቀጥቷል።

ነገሩ የተገለበጠው በጂሚ ሂል ጊዜ ነው። የተጫዋቾች ማኅበር ሊቀመንበር ሆኖ የሥራ ማቆም አድማ አስነሳ። ማንቸስተር ላይ በተደረገ ስብሰባ አንድ ወጣት ተጫዋች አባቴ ማዕድን ቆፋሪ ነው፣ እኔ ከእሱ በላይ ነው የማገኘው፣ ይበቃኛል አለ። የቦልተኑ ተከላካይ ቶሚ ባንክስ ተነሣ። አባትህ ሰኞ ጠዋት ድንጋይ ከሰል ሲቆፍር 30 ሺህ ሰው አያየውም፤ እኔን ግን ቅዳሜ ይሄን ስታንሊ ማቲውስን ላቆም ስታገል 30 ሺህ ሰው ያየኛል አለው። የዘመኑ ታላቅ የክንፍ ተጫዋች ማቲውስ እዚያው ቁጭ ብሎ ነበር። ከዚያ በኋላ ምን ይባላል?

አድማው ሊጀመር ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ጥር 1961 ላይ ጣሪያው ተነሳ። የፉልሃም ሊቀመንበር ኮሜዲያን ነበሩ። ቢፈቀድልኝ ለተጫዋቼ ለጆኒ ሄይንስ በሳምንት 100 ፓውንድ እከፍል ነበር ብለው ሲፎክሩ ቆይተው፣ ሲፈቀድ ቃላቸው ያዛቸው፤ ከፈሉ።

የማቆየቱ ደንብ ግን አልሞተም። እሱን የሰበረው የኒውካስሉ ተጫዋች ጆርጅ ኢስተም ነው። ክለቡ አልለቅህም ሲለው መጫወት ትቶ ቡሽ ሲሸጥ ከረመ። በኋላ ወደ አርሰናል ቢለቁትም ክሱን አላቋረጠም፤ በ1963 ፍርድ ቤት ደንቡ አላግባብ የሰውን ሥራ ይገድባል ብሎ ፈረደለት።

ፊኒስ? ጣሪያው ሲነሳ ጫማውን ከሰቀለ ዘጠኝ ወር ሊሞላው ነበር። የዋናውን ሊግ ዋንጫ አንድም ጊዜ አልበላም። እሱ በሌለበት በዚያው የውድድር ዓመት ፕሬስተን ወረደ፤ እስከ ዛሬም ወደ ዋናው ሊግ አልተመለሰም። ፊኒ የቧንቧ ድርጅቱን ይዞ እዚያው ከተማ ቀረ።