የመንግሥት ሠራተኞች የዲሲፕሊን ቅጣት በፍርድ ቤት ሲታይ

የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኛውን ደመወዙን ሲቀጣ፣ ከደረጃው ዝቅ ሲያደርገው ወይም ሲያሰናብተው፣ ሠራተኛው የአስተዳደር ቅሬታውን ከጨረሰ በኋላ ፍርድ ቤት ቅጣቱን እንዲመረምርለት ማመልከት ይችላል። ይህ የዳኝነት ክለሳ ከይግባኝ ይለያል። ይግባኝ ሰሚው ማስረጃውን እንደገና መዝኖ የራሱን ድምዳሜ ሊሰጥ ይችላል። በክለሳ ግን ዳኛው በዋናነት የሚጠይቀው ውሳኔው እንዴት እንደተሰጠ ነው፦ ሥልጣኑ ባለው አካል ነው ወይ? ሥርዓቱ ተጠብቋል ወይ? ከማስረጃው የሚደረስበት ነው ወይ? ስለዚህ ክርክሩ ባመዛኙ የሚወሰነው በዲሲፕሊን ኮሚቴው መዝገብ ነው። «እውነቱን ፍርድ ቤት እናገራለሁ» ብሎ ከኮሚቴው የቀረ ሠራተኛ፣ ያኔ ያልጠራውን ምስክር በኋላ ለማሰማት በእጅጉ ይቸገራል።

መጀመሪያ የሚታየው የክስ ጽሑፉ ነው። «ሥነ ምግባር የጎደለው ተግባር ፈጽመሃል» ብሎ የሚያበቃ ክስ መልስ ሊሰጥበት አይችልም። በቂ ክስ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ድርጊቱን፣ ተጣሰ የተባለውን ድንጋጌና ማስረጃውን ይዘረዝራል፦ በዚህ ቀን፣ ከዚህ መጋዘን፣ የተፈቀደ መጠየቂያ ሳይኖር ይህን ያህል በርሜል ነዳጅ አውጥተሃል፤ የወጪ ሰነዱ ቁጥር ይህ ነው። በአንድ ጥፋት ከስሶ በሌላ መቅጣትም ተደጋግሞ የሚታይ ስህተት ነው። በቸልተኝነት የተከሰሰ የንብረት ክፍል ሠራተኛ በስርቆት ከተሰናበተ፣ ስለ ስርቆቱ መልስ ስጥ አልተባለምና ውሳኔው ለመሻር የተጋለጠ ይሆናል። የቀድሞ ጥፋቶችን በክሱ ሳይጠቅሱ ቅጣት ማክበጃ ማድረግም እንዲሁ ነው።

የመሰማት መብት የዚህ የሕግ ክፍል ዋና ምሰሶ ነው። የእንግሊዟ የብራይተን ከተማ የፖሊስ አዛዥ ቻርልስ ሪጅ እ.ኤ.አ. በ1958 በወንጀል ተከሶ ነጻ ከወጣ በኋላ፣ ተቆጣጣሪው ኮሚቴ ክሱን ሳያሳውቀውና ሳይሰማው አሰናበተው። በወቅቱ የአገሪቱ የመጨረሻ ይግባኝ ሰሚ የነበረው የሎርዶች ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ1963 ስንብቱ ዋጋ የለውም ሲል ወሰነ። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1985 በላውደርሚል ጉዳይ አነስተኛውን መለኪያ አስቀመጠ፦ ያለ በቂ ምክንያት የማይሰናበት ሠራተኛ ከመሰናበቱ በፊት ክሱ ሊነገረው፣ የአሠሪው ማስረጃ ሊገለጽለትና መልስ የመስጠት ዕድል ሊያገኝ ይገባል፤ ሙሉው ክርክር ከስንብት በኋላ የሚካሄድ ከሆነ ይህ ቅድመ ስንብት ሒደት አጭር ሊሆን ይችላል። በፈረንሳይ ሠራተኛው የግል ማኅደሩን የማየት መብት ያገኘው እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 22 ቀን 1905 ሕግ ነው። እ.ኤ.አ. በ2024 የአገሪቱ የሕገ መንግሥት ምክር ቤት ሠራተኛው ዝም የማለት መብት እንዳለው ሊነገረው ይገባል የሚለውን ጨምሮበታል።

ከሳሹ፣ ምስክሩና ወሳኙ አንድ ሰው ከሆነ፣ ማስረጃው ምንም ያህል ቢጠነክር ውሳኔው የመፍረስ ዕድሉ ሰፊ ነው። ምክንያት የሌለው ውሳኔም አደጋ ላይ ነው። «ኮሚቴው ጉዳዩን መርምሮ ጥፋተኛ ብሎታል» የሚል አንድ መስመር፣ የትኛው ምስክር ለምን እንደታመነ ካላሳየ፣ ፍርድ ቤቱ የሚመረምረው ነገር ያሳጣዋል።

ፍርድ ቤቶች በብርቱ የሚለያዩት በቅጣቱ መጠን ላይ ነው። የጃፓን ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1977 በኮቤ ጉምሩክ ጉዳይ፣ ዳኛ ራሱን በቀጪው ቦታ አስቀምጦ «እኔ ብሆን ምን እቀጣ ነበር» ማለት እንደሌለበትና ጣልቃ የሚገባው ቅጣቱ በማኅበረሰቡ ሚዛን ፈጽሞ አግባብ ሲያጣ ብቻ እንደሆነ ተናገረ። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1995 በቻቱርቬዲ ጉዳይ ያስቀመጠው መለኪያም ጥብቅ ነው፤ ቅጣቱ የዳኛውን ሕሊና የሚያስደነግጥ መሆን አለበት። የፈረንሳዩ ከፍተኛ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ኮንሴይ ዴታ ግን መንገዱን ለወጠ። እ.ኤ.አ. ከ1978 ጀምሮ የሚያየው ግልጽ ስህተትን ብቻ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2013 በዳሃን ጉዳይ ቅጣቱ ከጥፋቱ ጋር ተመጣጣኝ መሆኑን ሙሉ በሙሉ መመርመር ጀመረ። ይህኛው መንገድ የተሻለ ነው፤ እንጀራውን ላጣ ሰው ከጥፋተኝነቱ ያላነሰ የሚከብደው የቅጣቱ ልክ ነውና። ሆኖም ሙሉ ምርመራ ማለት ቅጣቱ ይሻራል ማለት አይደለም፤ በዳሃን ጉዳይ ራሱ ቅጣቱ ጸንቷል።

የወንጀል ክስ ጎን ለጎን ሲኖር ግራ መጋባት ይበዛል። በወንጀል ነጻ መውጣት የዲሲፕሊኑን ክስ በራሱ አይዘጋም፤ የማስረጃው ልክ ይለያያል፤ ወንጀል ያልሆነ ድርጊት የሥራ ጥፋት ሊሆን ይችላል። ነጻ የወጣው ድርጊቱ ጨርሶ አልተፈጸመም ተብሎ ከሆነ ግን ሁኔታው ሌላ ነው፤ ያን ድምዳሜ ቀጪው አካል በቀላሉ ሊያልፈው አይችልም።

ብዙ አቤቱታ ፍሬ ነገሩ ሳይታይ የሚወድቀው በጊዜ ገደብ ነው። ቀኑ የሚቆጠረው ብዙውን ጊዜ ውሳኔው ለሠራተኛው ከደረሰበት ቀን ስለሆነ፣ ደብዳቤው ሲመጣ ቀኑን ጽፎ መፈረም፣ ፖስታውንም አለመጣል ያስፈልጋል። የውስጥ ቅሬታ ግዴታ በሆነበት አገር እሱን ዘሎ ፍርድ ቤት መሄድ አቤቱታውን ያስዘጋል፤ እስኪመለስ ዋናው ቀነ ገደብ ሊያልፍ ይችላል። አቤቱታው የቤተሰብ ችግር ከመዘርዘር ይልቅ የተጣሰውን ድንጋጌ፣ የቃለ ጉባኤውን ገጽ፣ ያልተሰጠውን ሰነድ ቢጠቅስ ይሻለዋል። ክስ ማቅረብ ብቻውን ቅጣቱን ስለማያስቆም እግድ ለብቻው ይጠየቃል፤ ፍርድ ቤቱም አጣዳፊነቱንና የክርክሩን ጥንካሬ ያያል።

ማሸነፍ ሁልጊዜ ወደ ወንበር መመለስ አይደለም። የሥርዓት ጉድለት ሲገኝ ጉዳዩ ጉድለቱ ከተፈጠረበት ደረጃ እንዲቀጥል ሊመለስ ይችላል። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1993 በካሩናካር ጉዳይ፣ አጣሪውና ቀጪው የተለያዩ ሲሆኑ የምርመራ ሪፖርቱ ከውሳኔው በፊት ለሠራተኛው ሊሰጠው ይገባል አለ። ካልተሰጠው ፍርድ ቤቱ ሪፖርቱን አሰጥቶ፣ መከልከሉ ጉዳት አድርሶበት እንደሆነ ያጣራል። ጉዳት ካላደረሰ ቅጣቱ ይጸናል። ካደረሰ ቅጣቱ ተሽሮ ምርመራው ሪፖርቱን ከመስጠት ደረጃ ይቀጥላል፤ ሠራተኛው እስከዚያ ከሥራ ታግዶ ይቆያል፤ የውዝፍ ደመወዙም ነገር በመጨረሻው ውጤት ይወሰናል።