«እንግዴ ልጁ ታች ነው» ማለት ልጁ አያድግም ማለት አይደለም

ደሴ ውስጥ አዋላጅ ነርስ ነኝ። እርጉዟ ገብታ የአልትራሳውንድ ወረቀቷን ትዘረጋልኛለች። «ሲስተር፣ እንግዴ ልጁ ታች ነው አሉኝ። ልጄ ሊቀጭጭ ነው?» ዓይኗ እንባ ሞልቷል። አጠገቧ የቆመችው አማት ቀበል አድርጋ «ላይ ቢሆን ምግቡ ይደርሰው ነበር» ትላለች። ይህን ወሬ መስማት እውነት ሰልችቶኛል።

እንግዴ ልጅ ከላይም ይጣበቅ ከታች ወደ ማህፀን በር ተጠግቶ፣ ከፊትም ይሁን ከኋላ ወይም ከጎን፣ ከእናት ደም ምግብና ኦክስጅን ወስዶ በእትብት ለልጁ ያቀብላል። ቦታው በዋናነት የሚነግረን ልጁ በምጥ ወይስ በኦፕራሲዮን እንደሚወለድ ነው። ማደግ አለማደጉን የሚወስነው ወደ እንግዴ ልጁ የሚደርሰው ደም ነው። ደሙን የሚቀንሱትና የሚያደኸዩት ደግሞ የታወቁ ናቸው፦ ደም ግፊት፣ ደም ማነስ፣ ወባ፣ የምግብ እጥረት፣ ሲጋራ። ጫትም አለበት። ከሚቅሙ እናቶች የሚወለዱ ልጆች ክብደታቸው ዝቅ እንደሚል በጥናት ታይቷል። በእርግዝና ወራት እባካችሁ ይቅር።

ከኩታበር በኩል የመጣች አንዲት እናት አትረሳኝም። 32ኛ ሳምንቷ ነው። ሆዷን በሜትር ስለካው 27 ሴንቲ ብቻ ሆነ። ቤተሰቡ ምክንያቱን ካወቀ ቆይቷል፤ «እንግዴ ልጁ ከኋላ ስለሆነ ነው» ብለዋል። መልሱ ስለታወቀ ሁለት ወር ክትትል አልመጣችም። ግፊቷን ስለካ 160 በ110! ያኔውኑ ሪፈር ጻፍኩ። ልጇ ያለጊዜው ተወለደ፣ 1.7 ኪሎ። ደረቷ ላይ ታቅፋው አሳደገችው፣ ተረፈ። ቡና ላይ ዱዓውም ይደረግ፣ ጸሎቱም ይጸለይ። ግፊቱን ግን በየክትትሉ አስለኩ።

«በእሽት ወደ ላይ ይወጣል» የሚለው ደግሞ የባሰ ነው። ስንቷ መጥታ አልጋ ላይ ስትተኛ ሆዷ በለጋ ቅቤ ያብረቀርቃል! እንግዴ ልጅ በእጅ ተገፍቶ ከተጣበቀበት አይነሳም። ማህፀን ሲያድግ የታችኛው ክፍል ይለጠጣል፣ ያኔ እንግዴ ልጁ ከማህፀን በር እየራቀ ይሄዳል። በ20ኛው ሳምንት ታች ነው ከተባሉት ከአሥሩ ዘጠኙ ገደማ እስከ መውለጃቸው እንዲህ ይስተካከላሉ። ያሸችው ሴትዮ ምስጋናውን የምትወስደው በዚህ ነው። የተጎዳችው ግን ስትደማ ነው የምትመጣልኝ። ሆድን ማሸት እንግዴ ልጁን ያለጊዜው ሊያላቅቀው ይችላል። የሚያስፈልገው በ32ኛው ሳምንት አካባቢ ድጋሚ አልትራሳውንድ መታየት ነው።

ከፊት ከሆነ ሴት፣ ከኋላ ከሆነ ወንድ? ጾታው የተወሰነው ገና ሲፀነስ ነው።

ከፊት ሲሆን የልጁ እንቅስቃሴ ዘግየት ብሎ፣ ለስለስ ብሎ ይሰማል። ይህ እውነት ነው። ነገር ግን ሲራገጥ የነበረ ልጅ ዝም ካለ «ከፊት ስለሆነ ነው» ብለሽ አትደሪ። በዚያው ቀን ነይ።

የምፈራው «ደም አየሁ፣ ግን ስላላመመኝ ተውኩት» የሚለውን ነው። እንግዴ ልጅ የማህፀን በርን ሲሸፍን የሚፈሰው ደም ደማቅ ቀይ ነው፣ ብዙ ጊዜ ሕመም የለውም። አለማመሙ አያዘናጋሽ። ደሙ ትንሽም ቢሆን በዚያው ሰዓት ወደ ሆስፒታል ሂጂ። እንግዴ ልጁ ታች እንደሆነ ከተነገረሽ ገና ስትገቢ ተናገሪ፣ አልትራሳውንድ ሳይታይ ማንም በጣቱ ውስጥሽን እንዳይመረምር። ከዚህ በፊት በኦፕራሲዮን ወልደሽ ከሆነም አትደብቂ፣ እንግዴ ልጁ ጠባሳው ላይ ሊጣበቅ ይችላል። እንግዴ ልጁ የማህፀን በሩን እንደሸፈነ ከቀረ መውለጃው ኦፕራሲዮን ነው። ቤትሽ እንደ ደላንታ ወይም እንደ ወሎ ቦረና ራቅ ያለ ከሆነ ደም እስኪመጣ አትጠብቂ። ቀኑ ሳይደርስ ኦፕራሲዮን የሚሠራ ሆስፒታል አጠገብ ዘመድ ዘንድ ግቢ፣ ደም የሚሰጥልሽንም ሰው ከወዲሁ ለይተሽ ያዢ።