«ፈቃድ አለው፣ ምን ይደረጋል?» እና ሌሎች የሰፈር ስህተቶች

ቤታችሁ አጠገብ ጋራዥ ወይም የእንጨት ሥራ ቤት ተከፈተ እንበል። ጭሱ የተሰጣ ልብስ ላይ ያርፋል፣ ድምፁ እንቅልፍ ይነሳል። አቤት እንበል ሲባል ግን ሁሉም ሕግ አዋቂ ይሆንና ግማሹ ሰው ገና ሳይጀምር ተስፋ ይቆርጣል። በተለይ እነዚህን ሰምቶ።

«ንግድ ፈቃድ አለው፣ አለቀ።»

አላለቀም። ንግድ ፈቃድ ሰውየው ሥራውን እንዲሠራ ነው የሚፈቅደው፣ ጭሱን በመስኮታችሁ እንዲያስገባ አይደለም። በብዙ አገር የንግድ፣ የግንባታና የአካባቢ ፈቃድ ለየብቻ የሚወጡ ናቸው፤ አንዱን የያዘ ሁሉ ሌላውንም ይዟል ማለት አይደለም። ፈቃዱም ብዙ ጊዜ ከነግዴታው ነው የሚሰጠው፦ የሥራ ሰዓት፣ የጭስ ማውጫ ከፍታ፣ የፍሳሽ አወጋገድ። ስለዚህ «ፈቃድ አለው» ሲሏችሁ ዝም ብላችሁ አትመለሱ። ወረቀቱ ላይ ምን ተጽፏል በሉ።

«እሱ ቀድሞ ነበር፣ እናንተ ናችሁ የመጣችሁበት።»

ይሄኛው እውነት ይመስላል፣ በአንዳንድ ቦታም ክብደት ይሰጠዋል። ግን ሁልጊዜ አያሸንፍም። በ1879 (በአውሮፓውያኑ) የእንግሊዝ ፍርድ ቤት ያየው አንድ ታዋቂ ክርክር አለ። ለንደን ውስጥ አንድ ጣፋጭ ሠሪ ከ20 ዓመት በላይ በሙቀጫ ሲወቅጥ ኖሯል፣ ማንም አልከሰሰውም። ጎረቤቱ የነበረ ሐኪም ግቢው ጫፍ ላይ የምርመራ ክፍል ሲሠራ ነው ጠቡ የመጣው። ያሸነፈው ሐኪሙ ነው! ድምፁ ማንንም ባልረበሸበት ዘመን የተቆጠረው ዓመት መብት አያስገኝም ተባለ። ግን ያው ፍርድ በሀብታም መኖሪያ ሰፈር ረብሻ የሚባለው በፋብሪካ ሰፈር ላይባል ይችላል ብሏል፣ ስለዚህ ቦታው ለምን ዓይነት ሥራ እንደተመደበ ቀድሞ ማየት ነው።

«የሐኪም ወረቀት ከሌለህ ማን ይሰማሃል?»

ስፔን፣ ሎርካ ከተማ፣ 1988። የቆዳ ፋብሪካዎችን ቆሻሻ የሚያጣራ ተቋም ከአንዲት እናት ቤት 12 ሜትር ላይ ሥራ ጀመረ፣ ከማዘጋጃ ቤቱ ፈቃድ ሳያወጣ። ሴትየዋ በአገሯ ፍርድ ቤቶች ሁሉ ተሸነፈች። በ1994 ግን የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤት ፈረደላት፤ ከባድ ብክለት ጤናን ክፉኛ ባይጎዳ እንኳ ሰው በቤቱ ተደላድሎ እንዳይኖር ሊያደርግ ይችላል ብሎ። የሐኪም ማስረጃ ካላችሁ ግን አትደብቁት፣ ይጠቅማል።

«ካልሸተተ አልበከለም።» ካርቦን ሞኖክሳይድ አይሸትም፣ ግን ይገድላል። ሃይድሮጂን ሰልፋይድ ደግሞ መጀመሪያ እንደ ገማ እንቁላል ይሸትና ሲበዛ አፍንጫን ያደነዝዛል። ሽታው ጠፋ ማለት ጋዙ ጠፋ ማለት አይደለም።

«200 ፊርማ ካሰባሰብን ያልቅላቸዋል።»

እኔን በጣም የሚያናድደኝ ይሄ ነው፣ ምክንያቱም ሰው ሳምንት ሙሉ ፊርማ ሲለቅም ይከርምና ደብዳቤው ላይ የሚጽፈው «ሰላም ነስተውናል» ብቻ ነው። ፊርማ ስንት ሰው እንደተቸገረ ያሳያል፣ ምን እንደተፈጠረ ግን አይናገርም። «ማክሰኞ ከሌሊቱ 5፡40 እስከ 7፡15 ማሽኑ ሠራ፣ ነፋሱ ወደኛ ነበር፣ መስኮት ዘግተንም ሽታው ገባ» የሚል የሁለት ሳምንት ማስታወሻ ለመርማሪው የት እና መቼ እንደሚመጣ ይነግረዋል። «ባለቤቱ ባለጌ ነው»፣ «የኔን ገበያ ይወስዳል» የሚሉትን ግን አውጧቸው። የብክለት ጉዳይ አይደሉም፣ የቀረውንም ያስንቁባችኋል።

«አቤቱታ ማለት ይዘጋልን ማለት ነው።»

ይዘጋ ካላችሁ የብዙ ሰው እንጀራ ይነሳል፣ አቤቱታውን የሚያየው ኃላፊም ይፈራል። ማራገቢያው ፊቱን ወደ መንገድ ያዙር፣ መጋዙ ከምሽቱ 1 ሰዓት በኋላ ይቁም፣ አቧራ መሳቢያ ይገጠም ብትሉ ግን እሺ የመባል ዕድላችሁ ይሰፋል። እምቢ ቢባልም ፈቃዱ የሚታደስ ከሆነ ያን ጊዜ ደግሞ ማቅረብ ትችላላችሁ፣ የእድሳቱን ቀን ብቻ ጠይቃችሁ ጻፉት።