የሽማግሌ ፊት ኩል በማስመር አይሠራም፦ ስለ መድረክ ገጽ ቅብ (ሜካፕ) የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

የወላጆች ቀን ሲደርስ ደሴ፣ ኮምቦልቻ፣ ሐይቅም ሆነ ወልድያ ያሉ የትምህርት ቤት ድራማ ክበቦች ሽማግሌ የሌለበት ተውኔት አያወጡም ማለት ይቻላል። አስታራቂ አባት አሉ፤ ልጃቸውን የሚመክሩ እናት አሉ፤ የሚመርቁ ሸህ አሉ። የሚጫወቷቸው ግን የ16 እና የ17 ዓመት ልጆች ናቸው። ስለዚህ ከመጋረጃው ጀርባ ዱቄት ይመጣል፣ ኩል ይመጣል፣ ጥጥ ይመጣል፤ ልጁ ወደ መድረክ ብቅ ሲል አዳራሹ በሳቅ ይናወጣል። ማስለቀስ የነበረበት ትዕይንት በመልኩ ብቻ ይበላሻል። ልጆቹ ችሎታ አንሷቸው አይደለም። ከታላላቆቻቸው የወረሱት የገጽ ቅብ እውቀት በአብዛኛው የተሳሳተ ስለሆነ ነው። የሚደጋገሙትን ስህተቶች ከነእውነታቸው ላንሳ።

«መጨማደድ ማለት መስመር ነው»

ከሁሉም የሚብሰው ይህ ነው። ኩል ተይዞ ግንባር ላይ ሦስት አግድም መስመር፣ ዓይን ጥግ ላይ እንደ ዶሮ እግር ሦስት ጭረት፣ አለቀ። የፊት ሽብሽብ ግን እጥፋት ነው። እጥፋት ደግሞ ሁለት ነገር አለው፤ ብርሃን የማይደርስበት ጎድጓዳና ከጎኑ ብርሃን የሚያርፍበት ጉብታ። ጥላው ብቻውን ከተሣለ ተመልካች የሚያየው ቀለም ነው። ብርሃኑ ሲጨመርበት ቆዳው የታጠፈ ይመስላል።

ከአፍንጫ ክንፍ ተነሥቶ ወደ ከንፈር ጠርዝ የሚወርደውን እጥፋት እንውሰድ። ተዋናዩን ፈገግ በል በሉት፤ ቦታውን ራሱ ያሳያችኋል። በቀጭን ብሩሽ፣ በጥቁር ቡናማ ቀለም እዚያው ላይ አስምሩና ፊቱን ይፍታ። ከዚያ በጣታችሁ ቀለሙን ወደ ጉንጭ በኩል ብቻ እየዳመጣችሁ አደብዝዙት። ወደ አፍ በኩል ያለው ጠርዝ ግን ስለታም ሆኖ ይቅር፤ ከእሱ ሥር ቀጭን ፈካ ያለ ቀለም አስጠጉ፤ ከጥላው በላይ ያለውን የጉንጭ ጉብታም በስሱ አፍኩት። የመድረክ መብራት ከላይ ስለሚመጣ የእውነተኛ እጥፋት ጥላ የሚወድቀው በዚህ መልክ ነው። አንድ ጠርዝ ስለታም፣ አንድ ጠርዝ ለስላሳ፦ የግንባሩም፣ የዓይን ሥሩም፣ የአገጩም ሕግ ይኸው ነው። አፍንጫና ከንፈር መካከል ያለችውን ይህችን አንዲት እጥፋት በደንብ የሠራ ሰው የቀረውን አያጣውም።

ኩሉን ለዚህ ሥራ አለመጠቀም ይሻላል። ጥቁረቱ ድፍን ስለሆነ አይዳመጥም። በዚያ ላይ በገበያ የሚሸጥ አንዳንድ ኩል እርሳስ የተባለው መርዛማ ማዕድን ይገኝበታል።

«እርጅና የሚታየው ቆዳ ላይ ነው»

ከቆዳው ጋር ከሥሩ ያለውም ይለወጣል። ዕድሜ ሲገፋ የዓይን ጉድጓድ አጥንት ይሰፋል፤ የመንጋጋ አጥንት ይሳሳል፤ በተለይ ጥርስ ሲወልቅ። ከጉንጭ ሥር ያለው ስብ ይቀንሳል፤ የቀረውም ወደ ታች ይወርዳል። ምሰሶው ያጠረ ድንኳን ሸራው እንደሚረግብ፣ ቆዳም የሚረግበው ተሸካሚው ስላነሰበት ነው።

ስለዚህ ብሩሽ ከማንሳታችሁ በፊት ተዋናዩ የራሱን ፊት በጣቱ ይዳስስ። ከቅንድብ ጫፍ ወደ ጆሮ ሲሄድ የሚሰረጉደው ቦታ፣ ከአፍንጫ ሥር አጠገብ ያለው የዓይን ጥግ፣ ከጉንጭ አጥንት በታች ያለው ጎድጓዳ፣ ከአገጭ ግራና ቀኝ ያለው፦ ጥላው የሚያርፈው እነዚህ ላይ ነው። የቅንድብ አጥንቱ፣ የጉንጭ አጥንቱና የአፍንጫው አናት ይፍኩ። ይህ ብቻ ተሠርቶ አንድ ሽብሽብ እንኳ ሳይጨመር፣ ከሦስተኛው ረድፍ የተቀመጠ ተመልካች 60 ዓመት የሞላው ሰው ያያል። እኔ ልምምድ ላይ ሁልጊዜ ከዚህ እጀምራለሁ፤ ሽብሽቡ ይደርሳል።

«ጥቁር ቆዳ ስለማያረጅ የፈረንጁን አሠራር እንቅዳ»

እዚህ ሁለት ስህተት ተቆላልፏል። ቆዳችንን የሚያጠቁረው ሜላኒን ከፀሐይ ጨረር ስለሚከላከል ጥቃቅን ሽብሽቦች እኛ ላይ ዘግየት ብለው ይመጣሉ። እርጅና የለም ማለት ግን አይደለም፤ በሌላ በኩል ይመጣል። ጉንጭ ይወርዳል፤ ከዓይን ሥር ይጎደጉዳል ወይም ያብጣል፤ የቆዳው ቀለም ወጥነቱን ያጣል፤ የከንፈር ቀለም ይደበዝዛል። ጉንጭ ላይና ዓይን ዙሪያ ደግሞ ጥቃቅን ጥቁር ጉብታዎች ይወጣሉ። ጉዳት የላቸውም፤ በቤተሰብ ይወረሳሉ፤ ከዕድሜ ጋር ይበዛሉ፤ በጥቁር ሕዝቦች ዘንድ በጣም የተለመዱ ናቸው። በሚቀጥለው ዓርብ ወይም እሑድ ከጸሎት የሚመለሱ እናቶችን ፊት በአክብሮት ልብ በሉ፤ ታገኟቸዋላችሁ። በጥቁር ቡናማ እርሳስ እንዲህ ያሉ ጥቂት ነጥቦች ጣል ጣል ቢደረጉ ከአሥር ሽብሽብ የበለጠ ይናገራሉ።

ስልክ ላይ የምናያቸው አብዛኞቹ የማስተማሪያ ቪዲዮዎች ግን ለነጭ ቆዳ የተሠሩ ናቸው። ጥላቸው ግራጫና ሐምራዊ ነው፤ ብርሃናቸው ንጹሕ ነጭ። ይህ በእኛ ፊት ላይ አመድ ይሆናል፤ ገጸ ባሕርይው አረጋዊ መሆኑ ቀርቶ በሽተኛ፣ አንዳንዴም አስከሬን ይመስላል። ለእኛ ጥላው ወደ ቀይ የሚያደላ ጥቁር ቡናማ፣ ብርሃኑ ቢጫ ያዘለ ፈካ ያለ ቀለም ነው የሚስማማው። ብዙ ገንዘብ አይጠይቅም፤ ከተዋናዩ ቆዳ ትንሽ የጠቆረ አንድ ፋውንዴሽን የተባለ የፊት መቀቢያ ክሬምና ትንሽ የፈካ ሌላ አንድ ይበቃል። ቀይ፣ ጠይም፣ ጥቁር ልጆች አንድ መድረክ ላይ ካሉ ግን ለሁሉም አንድ ቅይጥ አይሆንም፤ ለየራሳቸው ይቀየጥ።

«ሽማግሌ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው»

ደሴ ከባሕር ጠለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ናት። የፀሐይ የአልትራቫዮሌት ጨረር በየ1,000 ሜትር ከፍታው በ10 በመቶ ገደማ ይበረታል። ደሴ አቅራቢያ ኩታበር ላይ ዕድሜውን ሙሉ ሲያርስ የኖረ ገበሬና ደሴ ፒያሳ ሱቅ ውስጥ የኖረ ነጋዴ በአንድ ዓመት ቢወለዱ እንኳ ፊታቸው አንድ አይሆንም። ገበሬው ፀሐይ እያየ ዓይኑን ሲያጠብ ስለኖረ ዓይን ጥግ ላይ ያለው እጥፋት ጥልቅ ነው። ጥምጥም ያልተለያቸው ሸህ የግንባራቸው የላይኛው ክፍል ከታችኛው ፈካ ይላል፤ ከስግደት ብዛት የሚወጣው ጠቆር ያለ ምልክትም ግንባራቸው መሐል ላይ አለ። ገጸ ባሕርይው ምን ሲሠራ፣ ምን ለብሶ ኖረ የሚለው ካልተመለሰ ብሩሽ አይነሣም።

«ዱቄት ነስነስ ካደረጉበት ጸጉር ይሸብታል»

ዱቄት በላብ ይቦካል፤ ተዋናዩ ራሱን በነቀነቀ ቁጥር ትከሻው ላይ ይረግፋል፤ ዓይኑ ውስጥም ይገባል። ደግሞ ጸጉር ባንድ ጊዜ ሁሉም ቦታ አይሸብትም። ብዙ ጊዜ ከጆሮ ግንድ በላይና ከጺም ይጀምራል፤ አናት በኋላ ይከተላል። ክሬም መልክ ያለው ፈካ ያለ ቀለም በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ ነክራችሁ ከጸጉሩ አቅጣጫ በተቃራኒ በስሱ ጥረጉ። ቀለሙ ድፍን ነጭ ከሆነ ጥቁር ጸጉር ላይ ሰማያዊ ስለሚመስል ቢጫ ጠብ ይደረግበት። ቅንድብንም አትርሱ። ሙስሊም አባት ከሆኑ ደግሞ ጺማቸው በሂና የቀላ ሊሆን እንደሚችል አስቡ፤ ነጭ ብቻ የግድ አይደለም።

«ጺሙን በማንኛውም ማጣበቂያ መለጠፍ ይቻላል»

ይህን አጥብቄ ነው የምናገረው። ሱፐር ግሉ ፊት ላይ በፍጹም አይደረግም። ቆዳ ይዞ መቅረቱ አንድ ነገር ነው፤ ከጥጥ ጋር ሲገናኝ ደግሞ በሰከንዶች ውስጥ ግሎ ቆዳ እስከማቃጠል ይደርሳል። ልጆቻችን ጺም የሚሠሩት ደግሞ በጥጥ ነው! ለተውኔት የሚሆን የጺም ማጣበቂያ ካልተገኘ ጺሙን ክር ላይ ሰፍቶ ከጆሮ ጀርባ ማሰር፣ ወይም ጺሙን ትቶ አገጩን በነጠብጣብ ቀለም ማሸበት ይሻላል። ጺም የሌላቸው ሽማግሌ ሞልተዋል።

«ጥሩ ሥራ ማለት የጎማ ጭንብል ነው»

ጭንብል ሙሉ ፊትን ሲሸፍን ፊት መናገር ያቆማል። አሜሪካዊው የገጽ ቅብ ባለሙያ ዲክ ስሚዝ እ.ኤ.አ. በ1970 በወጣ ፊልም ላይ በ30ዎቹ መጀመሪያ የነበረውን ደስቲን ሆፍማንን የ121 ዓመት አዛውንት ሲያደርገው አንድ ወጥ ጭንብል አላለበሰውም፤ ጠርዛቸው የሚደራረብ ብዙ ቁርጥራጮች አድርጎ ነው የለጠፈው። ፊቱ እንዲንቀሳቀስ ነበር ይህ ሁሉ ድካም።

እኛ ጋ ለዚህ የሚቀርበው ፈሳሽ ላቴክስ፣ ማለትም ሲደርቅ የሚለጠጥ ፈሳሽ ጎማ ነው። ቆዳው በሁለት ጣት ይወጠራል፤ በስፖንጅ ስስ ሽፋን ይነካበታል፤ በጸጉር ማድረቂያ ቀዝቃዛ አየር እስኪደርቅ እንደተወጠረ ይቆያል፤ ፓውደር ይደረግበታል፤ ከዚያ ይለቀቃል። ቆዳው ወዲያው የእውነት ይጨማደዳል። ግን ላቴክስ የማይስማማው ሰው አለ፤ ከአንድ ቀን በፊት ክንድ ላይ ትንሽ ቀብቶ መሞከር ግዴታ ነው። ብዙውን ጊዜ አሞኒያ ስላለበት ዓይን ያቃጥላል፤ ቅንድብና ሽፋሽፍት ላይ ካረፈ ሲነቀል ጸጉሩን ይዞ ይመጣል፤ ስለዚህ ቅንድብ ቀድሞ ቫዝሊን ይቀባ፤ ዓይን አካባቢ ደግሞ ልምድ የሌለው ሰው አይንካ።

«ፊቱ ካለቀ ሥራው አልቋል»

በእኛ ተውኔት ሽማግሌ ጋቢ ይለብሳሉ፤ ከጋቢው ደግሞ እጅ ወጥቶ ይታያል። ሙስበሃ (የሙስሊም መቁጠሪያ) ወይም ከዘራ የያዘ የ17 ዓመት ልጅ ለስላሳ እጅ፣ የ80 ዓመት ፊት ቢሸከም ማን ያምነዋል? ጣቶቹን ዘርግቶ በጅማቶቹ መካከል ጥላ፣ በጅማቶቹና በመገጣጠሚያዎቹ ላይ ብርሃን አድርጉ፤ በጣም ቀላል ነው። አንገትና ጆሮም እንዲሁ።

በእናቶች ላይ አንድ ነገር ጨምሩ። በወሎ ገጠር በዕድሜ የገፉ ብዙ ክርስቲያን እናቶች አንገታቸው ላይ ንቅሳት አላቸው፤ ግንባራቸው ላይ መስቀል የተነቀሱም አሉ። የሚሣልላቸው ግን ብዙ ጊዜ ትናንት የተነቀሰ ይመስል በድፍን ጥቁር ነው። የቆየ ንቅሳት ወደ ሰማያዊ አረንጓዴ ይደበዝዛል፤ ጠርዙ ይፈስሳል። ከሣላችሁ በኋላ በእርጥብ ጣት ነካ ነካ አድርጉት፤ ከላዩም በተዋናይቷ ቆዳ ቀለም ስስ ፋውንዴሽን እለፉበት። ይህች አንዲት ነገር የገጸ ባሕርይዋን ትውልድ ትናገራለች።

«ያረጀ ሰው የተጎሳቆለ ነው»

ልጆቹ ሽማግሌ ሥሩ ሲባሉ አቧራ ይቀባሉ፣ ልብስ ይቀድዳሉ፣ አፍ ያጣምማሉ። ይህ በጣም ያሳዝነኛል። አባጋር (የወሎ አስታራቂ ሽማግሌ) ሆነው ደም የሚያደርቁ አባቶችን ያየ ሰው፣ ወዳጃ በተባለው የጸሎት ስብስብ ላይ የተቀመጡ ዱበርቲዎችን (የሚመርቁ እናቶችን) ያየ ሰው፣ እርጅናን እንዲህ አይሥልም። ጋቢያቸው የነጣ ነው፤ ጺማቸው የተስተካከለ ነው፤ ፊታቸው ቅቤ ወይም ቅባት ነክቶት ያበራል። ስለዚህ ፓውደር አብዝታችሁ ፊቱን አታፍዙት፤ ጉንጭ አጥንት ላይ ትንሽ ወዝ ይቅር። ጎብጦ መሄድ፣ መንቀጥቀጥ፣ በየቃሉ ማሳልም ለሁሉም የሚታደል አይደለም። ቀጥ ብለው የሚሄዱ፣ ድምፃቸው ጉባኤ የሚያቆም አዛውንት ሞልተውናል። ገጸ ባሕርይው ድሃ ወይም ሕመምተኛ ከሆኑ ድርሰቱ ይነግረናል፤ ካልነገረን እኛ አንጨምር።

«ለመድረክ የሠራ ለቪዲዮም ይሠራል»

አይሠራም። ወሎ ባህል አምባን በመሰለ ሰፊ አዳራሽ ከኋላ የተቀመጠ ሰው እንዲያይ ጥላው ይጠነክራል፤ ካሜራ ግን ቀርቦ የብሩሹን ዱካ ያወጣል። ለቪዲዮ ግማሹን ቀንሱ፤ በሚቀረጽበት መብራት ሥርም ቀድማችሁ በስልክ ፎቶ አንሥታችሁ እዩት።

«ሲያልቅ ባገኙት ነገር ማጠብ ነው»

ቤንዚንና አሴቶን ፊት ላይ አይነኩም፤ ቆዳ ያቃጥላሉ፤ ትነታቸውም ይጎዳል። ዘይት ወይም ቫዝሊን ቀብቶ ቀለሙ እስኪላቀቅ ማሸት፣ በለስላሳ ጨርቅ መጥረግ፣ ከዚያ በለብ ያለ ውኃና በሳሙና መታጠብ ነው። ላቴክሱ አይጎተትም፤ ጠርዙ በለብታ ውኃ እየራሰ ቀስ ብሎ ይገለበጣል። ብሩሹና ስፖንጁም በየተዋናዩ መሐል ይታጠቡ፤ የዓይን በሽታ ከልጅ ወደ ልጅ በዚህም ሊተላለፍ ይችላል።