ስለ አደንዛዥ ዕፅ ስርጭትና ጉዳት የሚነገሩ ስህተቶችና እውነታው

የአንድ አገር የአደንዛዥ ዕፅ ችግር ስፋቱ ምን ያህል ነው ሲባል ከአብዛኛው ሰው የሚሰማው ሁለት መልስ ነው፦ ፖሊስ የያዘው ኪሎ፣ ካልሆነም «ወጣቱ እኮ አለቀ» የሚለው ወሬ። ሁለቱም ችግሩን አይለኩትም። የተጠቃሚው ብዛትና የሚደርሰው ጉዳትም አብረው የሚሄዱ ነገሮች አይደሉም፤ ጥቂት ተጠቃሚ ባለበት ብዙ ሰው ሊሞት፣ ብዙ ተጠቃሚ ባለበት ጥቂት ሊሞት ይችላል። በብዛት የሚደመጡትን ስህተቶች አንድ በአንድ እንያቸው።

«ብዙ ኪሎ ተያዘ፤ ስለዚህ ችግሩ እየተቀረፈ ነው»

የተያዘ ዕፅ ከሁሉ በፊት የሚለካው የፖሊስንና የጉምሩክን ሥራ ነው። ኬላ ሲጨመር፣ አነፍናፊ ውሻ ሲመደብ ወይም አንድ ኮንቴይነር በጥቆማ ሲያዝ የዓመቱ ቁጥር ሽቅብ ይወጣል። በአገሩ ያለው ተጠቃሚ ግን በዚህ ምክንያት አይጨምርም፣ አይቀንስም። በአገሩ አቋርጦ የሚያልፈው ዕፅና እዚያው የሚወሰደው ዕፅም በአንድ መዝገብ ተደምረው ይቀርባሉ። ገበያው መነካቱን ማወቅ የፈለገ ሰው ከመያዙ በኋላ ባሉት ወራት ሁለት ነገር ይመልከት፦ የችርቻሮ ዋጋው ጨመረ ወይ? ዕፁ ውስጥ ያለው የንጥረ ነገር መጠን ወረደ ወይ? ሁለቱም ባሉበት ከቆዩ አቅርቦቱ አልተነካም። «ይህን ያህል ሚሊዮን የሚያወጣ» የሚለው ዜናም ብዙውን ጊዜ በመጨረሻው የችርቻሮ ዋጋ የተሰላ ነው፤ ባለቤቱ በተያዘበት ቦታ ላይ የከሰረው ከዚያ በእጅጉ ያነሰ ነው።

«ተጠቃሚው ስንት እንደሆነ በቤት ለቤት ጥናት ይታወቃል»

በከፊል እንጂ ሙሉ በሙሉ አይታወቅም። የቤት ለቤት ጥናት የሚያገኘው ቤት ያለውን ሰው ነው። ጎዳና ላይ የሚያድር፣ እስር ቤት ያለ፣ ሆስፒታል የተኛ ሰው ከናሙናው ውጪ ነው፤ ከባዱ አጠቃቀም ደግሞ በብዛት የሚገኘው እነዚህ ዘንድ ነው። እቤት የተገኘውም ቢሆን እናቱ አጠገብ ተቀምጣ ስትሰማ «አዎ፣ እወስዳለሁ» አይልም። ለዚህ ነው በጥንቃቄ የተሠሩ ጥናቶች ጠያቂው ሳያይ ተጠያቂው ራሱ የሚሞላው ታብሌት ወይም የታሸገ ወረቀት የሚሰጡት።

የናሙናው መጠንም ወሳኝ ነው። ከመቶ አንድ ሰው የሚጠቀመውን ዕፅ 1,000 ሰው ጠይቀን እንለካ ብንል የምናገኘው 10 ሰው ገደማ ነው። ከእነሱ ሦስቱ ከዋሹ ውጤቱ በ30 በመቶ ይወርዳል። በዚህ ዓይነት መረጃ «ከዓምናው በ30 በመቶ ቀነሰ» ብሎ ማወጅ ዋጋ የለውም።

ከሁሉ በላይ የሚያሳስተው ግን የጥያቄው ጊዜ ነው። «በሕይወትህ ሞክረህ ታውቃለህ?»፣ «ባለፉት 12 ወራትስ?»፣ «ባለፉት 30 ቀናትስ?» የሚሉት ሦስት ጥያቄዎች ሦስት በጣም የተራራቁ ቁጥሮች ያመጣሉ። ከ15 ዓመት በፊት አንድ ጊዜ ካናቢስ ያጨሰ የሃምሳ ዓመት ሰው በመጀመሪያው ጥያቄ ይቆጠራል። ዜናው ያንን ይወስድና «ተጠቃሚ» ብሎ ያወጣዋል። ቁጥር ሲቀርብላችሁ መጀመሪያ የትኛው ጊዜ እንደሆነ ጠይቁ፤ ካልተገለጸ ቁጥሩን እለፉት።

ድብቅ የሆነውን ተጠቃሚ ለመገመት ባለሙያዎች ሁለት ዝርዝሮችን ያስተያያሉ። ለምሳሌ በአንድ ከተማ የሕክምና ማዕከል መዝገብ ላይ 400 የሄሮይን ተጠቃሚዎች አሉ፣ በፖሊስ መዝገብ ደግሞ 500፤ በሁለቱም ላይ የተገኙት 50 ናቸው እንበል። 400 በ500 ተባዝቶ ለ50 ሲካፈል 4,000 ይመጣል፤ ይህ የጠቅላላው ግምት ነው። ስሌቱ የሚበላሸው በሁለት መንገድ ነው። ፖሊስ የያዛቸውን ወደ ማዕከሉ የሚልክ ከሆነ በሁለቱም ላይ የሚገኘው ሰው ከተገቢው በላይ ይበዛል። 50 የነበረው 100 ቢሆን ግምቱ ወደ 2,000 ይወርዳል፤ ችግሩ በግማሽ የቀነሰ ይመስላል። በተቃራኒው የአንድ ሰው ስም በሁለት ዓይነት አጻጻፍ ተመዝግቦ ሳይገናኝ ከቀረ ግምቱ ያለ አግባብ ያብጣል።

የፍሳሽ ውሃ ምርመራ ሌላው መንገድ ነው። ኮኬይን ሰውነት ውስጥ ተለውጦ ቤንዞይልኤክጎኒን በሚባል ንጥረ ነገር መልክ በሽንት ይወጣል። ከማጣሪያ ጣቢያው መግቢያ ላይ የ24 ሰዓት ናሙና ለአንድ ሳምንት ተወስዶ፣ የንጥረ ነገሩ መጠን በዕለቱ የፍሳሽ ብዛት ተባዝቶ ለነዋሪው ሲካፈል የከተማው ፍጆታ ይገኛል። ውሃ አይዋሽም፤ ሆኖም የሚናገረው ግራም እንጂ ሰው አይደለም። አንድ ሰው አሥር ጊዜ ይውሰድ፣ አሥር ሰዎች አንድ አንድ ጊዜ ይውሰዱ አይለይም። ቤቶች ከፍሳሽ መስመር ጋር ባልተገናኙበት አካባቢ ደግሞ ከነጭራሹ አይሠራም።

«የቀመሰ ሁሉ ሱሰኛ ይሆናል»፣ «አንዴ ምን ያደርጋል»

ሁለቱም ስህተት ናቸው። የተባበሩት መንግሥታት የአደንዛዥ ዕፅና የወንጀል ጽሕፈት ቤት ግምት እንደሚለው እ.ኤ.አ. በ2022 በዓለም ላይ 292 ሚሊዮን ሰዎች ቢያንስ አንድ ጊዜ ዕፅ ወስደዋል። ከእነዚህ ሕመም ደረጃ የደረሰ የአጠቃቀም ችግር ያለባቸው 64 ሚሊዮን ናቸው፤ ከአምስት አንድ በጥቂቱ የሚበልጥ ማለት ነው። ዕድሉ ከዕፅ ዕፅ ይለያያል፦ በእ.ኤ.አ. 1990ዎቹ አሜሪካ ውስጥ የተሠራ ትልቅ ጥናት ካናቢስ ከሞከሩት 9 በመቶ ያህሉ፣ ኮኬይን ከሞከሩት 17፣ ሄሮይን ከሞከሩት 23 በመቶ ያህሉ በአንድ ወቅት የሱስ ጥገኛ እንደሆኑ አግኝቷል። በዚያው ጥናት ትምባሆ 32 በመቶ ነበር። በአሥራዎቹ ዕድሜ መጀመር ዕድሉን ከፍ ያደርገዋል።

«አንዴ» የሚለውን የሚያፈርሰው ግን ሱስ አይደለም፣ መመረዝ ነው። ከመንገድ ሻጭ የተገዛ ክኒን ውስጥ ምን እንዳለ ሻጩም አያውቅም። በክኒን ውስጥ የሚደባለቀው ፌንታኒል የሚባል ጠንካራ የሕመም ማስታገሻ ከሄሮይን 50 ጊዜ ያህል ይበረታል፤ ሲደባለቅ እኩል ስለማይሰራጭ ከአንድ እሽግ የወጡ ሁለት ክኒኖች አንዱ ባዶ፣ አንዱ ገዳይ ሊሆን ይችላል።

«ከመድኃኒት ቤት የወጣ ክኒን ዕፅ አይባልም»

ትራማዶል የሚባለው የሕመም ማስታገሻ፣ ኮዴይን ያለበት የሳል ሽሮፕ፣ ዲያዜፓም የሚባለው የማስተኛ ክኒን ያለ ሐኪም ትእዛዝ ሲወሰዱ ጉዳታቸው ከመንገድ ዕፅ አያንስም። ትራማዶል መጠኑ ሲያልፍ የሚጥል በሽታ ዓይነት መንቀጥቀጥ ያስከትላል። ትልቁ አደጋ ግን መደባለቅ ነው፦ የሕመም ማስታገሻው፣ የማስተኛው ክኒንና አልኮሉ ሦስቱም አተነፋፈስን የሚያዘገዩ ናቸው። ለየብቻ የማይገድል መጠን አብሮ ሲወሰድ ትንፋሽ ያቆማል።

«ጉዳቱ የራሱ የተጠቃሚው ነው»

ቢሆን ኖሮ ጉዳዩ የሐኪም ብቻ በሆነ ነበር። ገንዘቡ መጀመሪያ የሚወጣው ከቤት ኪራይና ከልጅ የትምህርት ቤት ክፍያ ነው፤ ቀጥሎ የዘመድ ብድር፣ ቀጥሎ የቤት ዕቃ። እናት ወይም እህት በሽተኛ ለመጠበቅ ሥራ ትለቃለች፤ ይህ ኪሳራ ብዙውን ጊዜ በብሔራዊ ስሌት ውስጥ አይገባም። በመርፌ ከሚወስዱት ግማሽ ያህሉ የሄፓታይተስ ሲ ቫይረስ፣ ከስምንት አንዱ ኤችአይቪ አለባቸው፤ ከእነሱ ወደ ትዳር አጋር ይሻገራል። አሽከርካሪው፣ ማሽን ላይ የሚሠራው፣ ያልተወለደው ሕፃን አሉ። በዚህ ላይ ነውሩ ይጨመራል፦ ቤተሰቡ ሰው እንዳይሰማ ይደብቃል፣ ሕክምና በዓመታት ይዘገያል። እ.ኤ.አ. በ2022 የዕፅ ሕመም ካለባቸው 11 ሰዎች ሕክምና ያገኘው አንዱ ብቻ እንደሆነ ተገምቷል።

«ቅጣቱ ቢከብድ ሁሉም ይተው ነበር»

አዘዋዋሪና ታማሚ በአንድ ሚዛን ሲቀመጡ እስር ቤቱን የሚሞላው ታማሚው ነው። ለመያዝ ቀላሉ እሱ ነውና። ፖርቱጋል እ.ኤ.አ. በ2001 ሌላ መንገድ ያዘች፤ ይህም ብዙ ጊዜ በስህተት «ዕፅ ፈቀደች» ተብሎ ይወራል። አልፈቀደችም። እስከ አሥር ቀን ለሚደርስ የግል ፍጆታ የሚሆን መጠን የተገኘበት ሰው ከፍርድ ቤት ይልቅ ወደ አንድ የባለሙያዎች ኮሚሽን ይላካል፤ ዕፁ ይወሰድበታል፣ ሕክምና ይመከራል፣ መቀጮም ሊጣልበት ይችላል። ንግዱ እንደ ድሮው ወንጀል ነው። ለውጡ የሠራው ሕጉ ስለላላ ብቻ አይደለም፣ ጎን ለጎን የሕክምና ቦታዎች ስለተስፋፉ ነው። ያንን ትቶ ሕጉን ብቻ መቅዳት ሌላ ስህተት ነው።

በግዳጅ አስገብቶ «ማረም»ም እንዲሁ ነው። እ.ኤ.አ. በ2012 አሥራ ሁለት የተባበሩት መንግሥታት ተቋማት የግዳጅ ማቆያዎች እንዲዘጉ በጋራ የጠየቁት ያለ ምክንያት አይደለም።

«ልጆችን ማስፈራራት ነው የሚያዋጣው»

የቀድሞ ሱሰኛን መድረክ ላይ አውጥቶ ማናገርም ሆነ አስፈሪ ፎቶ ማሳየት አጠቃቀምን እንደማይቀንስ የዓለም አቀፍ የመከላከል መመሪያዎች ይገልጻሉ። አንዳንዴ እንዲያውም ጉጉት ይቀሰቅሳል። አይስላንድ ያዋጣት የወላጅ ክትትል፣ ከትምህርት ሰዓት ውጪ ስፖርትና ሙዚቃ፣ የማታ ሰዓት ገደብና በየጊዜው የሚደረግ የተማሪዎች መጠይቅ ነው። ከ15 እስከ 16 ዓመት ካሉት ልጆች ካናቢስ የሞከሩት እ.ኤ.አ. በ1998 17 በመቶ ነበሩ፤ በ2016 7 በመቶ ሆኑ።

«ሱስ የወኔ ጉዳይ ነው፤ ጨክኖ ያቆመ ዳነ»

ሕይወት ከሚያስከፍሉት ስህተቶች ዋናው ይህ ነው። መጀመሪያ፣ ሁሉም ዕፅ በአንድ ቀን አይቆምም። ዲያዜፓምንና መሰሎቹን ለወራት በየቀኑ የወሰደ ሰው በድንገት ቢያቋርጥ በመንቀጥቀጥ ሊሞት ይችላል። በሐኪም ክትትል መጠኑ በጥቂት በጥቂቱ፣ ብዙ ጊዜ በየሁለት እስከ አራት ሳምንቱ ከ5 እስከ 10 በመቶ እየተቀነሰ ነው የሚቆመው። የሄሮይን ማቋረጥ ስቃዩ ከባድ ቢሆንም ለሞት የሚያደርሰው አልፎ አልፎ ነው፤ እሱም በአብዛኛው ከተቅማጥና ከማስመለስ በሚመጣ የፈሳሽ እጥረት።

ሁለተኛ፣ ሰውነት ከዕፅ ሲጸዳ ለምዶት የነበረውን መጠን መሸከም ያቆማል። ሰውየው ግን የሚያስታውሰው የድሮውን መጠን ነው። በአሜሪካ ዋሽንግተን ግዛት ከእስር የተፈቱ ከ30,000 በላይ ሰዎችን የተከታተለ፣ እ.ኤ.አ. በ2007 የታተመ ጥናት በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሳምንታት በዕፅ መመረዝ የመሞት ዕድላቸው ከሌላው ሕዝብ 129 ጊዜ እንደሚበልጥ አሳይቷል። «ሦስት ሳምንት አስረን አጸዳነው» የሚል ቤተሰብ ሳያውቅ አደገኛውን ሳምንት እያዘጋጀ ነው።

ለሄሮይንና ለመሰሎቹ የተሻለ ውጤት ያለው ሕክምና ሜታዶን ወይም ቡፕረኖርፊን የሚባል መድኃኒት ነው፤ ሁለቱም ከእ.ኤ.አ. 2005 ጀምሮ በዓለም ጤና ድርጅት የመሠረታዊ መድኃኒቶች ዝርዝር ውስጥ አሉ። «ሱስን በሱስ መተካት ነው» ይባላል፤ ነገር ግን ትክክለኛው መጠን ሲገኝ ሰውየው አይሰክርም፣ አያምረውም፣ ሥራ ይሠራል። በሕክምናው እስካለ ድረስ የመሞት ዕድሉ በግማሽ ገደማ ይቀንሳል። ቶሎ ማቋረጥ ዋናው የውድቀት ምክንያት ነው፤ ስኳር ያለበትን ሰው «እስከ መቼ መድኃኒት ትወስዳለህ» ብሎ የሚያስጨንቅ የለም። ለኮኬይንና ለሜታምፌታሚን እንዲህ ያለ መድኃኒት የለም፤ እዚያ ላይ የተሻለ ውጤት ያሳየው ምርመራው ከዕፅ ንጹሕ ሆኖ ለተገኘ ሰው ሽልማት የሚሰጥበት የባህርይ ሕክምና ነው።

«ራሱን የሳተ ተጠቃሚ ተኝቶ ይለፍለት»

አይለፍለትም። ማንኮራፋት ወይም ጉሮሮ ውስጥ እንደ ውሃ የሚንቆረቆር ድምፅ የከባድ እንቅልፍ ምልክት አይደለም፤ የአየር መንገዱ እየተዘጋ ነው። የዐይን ብሌን እንደ መርፌ ጫፍ መጥበብ፣ የከንፈር ውስጥና የጥፍር መገርጣት ወይም መጥቆር ይታያል። ቀዝቃዛ ውሃ መድፋት፣ ወተት ማጠጣት፣ በጥፊ ማንቃት ጊዜ ይበላል፤ ወተቱ ሳንባ ሊገባ ይችላል።

የሚደረገው እንዲህ ነው። በስሙ ጮክ ብላችሁ ጥሩት፣ ደረቱን መሐል ላይ ባለው አጥንት በጡጫ አንጓ አሹት። ካልነቃ አምቡላንስ ጥሩ። ናሎክሶን (የሄሮይንንና የመሰሎቹን ሥራ የሚቀለብስ መድኃኒት) ካለ የአፍንጫ ርጭቱን በአንዱ ቀዳዳ ሙሉ በሙሉ ርጩ። ጭንቅላቱን ወደ ኋላ ዘንበል አድርጋችሁ፣ አፍንጫውን ይዛችሁ በየአምስት ሴኮንዱ አንድ ትንፋሽ በአፉ ስጡት፤ የሚገድለው የአየር እጥረቱ ነውና ይህ ከመድኃኒቱ እኩል ዋጋ አለው። በሁለት ወይም ሦስት ደቂቃ ውስጥ ለውጥ ከሌለ ሁለተኛ ርጭት ይሰጣል። መተንፈስ ሲጀምር በጎኑ አስተኙት። የወሰደው ሌላ ዓይነት ዕፅ ቢሆን እንኳ ናሎክሶኑ አይጎዳውም።

ሲነቃ ሊቆጣና «ተዉኝ» ብሎ ሊሄድ ይፈልጋል። አትልቀቁት፤ ናሎክሶን የሚሠራው ከ30 እስከ 90 ደቂቃ ብቻ ነው። ዕፁ ከዚያ በላይ ሰውነት ውስጥ ከቆየ ትንፋሹ እንደገና ሊቆም ይችላል፤ ስለዚህ ቢያንስ ሁለት ሰዓት አጠገቡ የሚቆይ ሰው ያስፈልጋል።