ይቅር ብሎ መብቱን የጠየቀው ሰባኪ

ቅዱሳን ሰላም ለሁላችሁ። ዛሬ ስለ አንድ ሰው ላካፍላችሁ ፈልጌ ነው፣ ሄንሪ ማክኒል ተርነር ይባላል፣ አሜሪካ ጆርጂያ ስቴት ውስጥ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የምክር ቤት አባል የነበረ ጥቁር ሰባኪ ነው። እሱን እንዳነሳ ያደረገኝ በየቤተክርስቲያናችን የማየው ነገር ነው። ሰው ተበድሎ እያለቀሰ ሲመጣ "ለጌታ ተይው፣ ክርስቲያን አይከራከርም" ብለን እንሸኘዋለን። ደሞዟን የተከለከለች እህትም፣ ወንድሞቹ ከአባቱ ውርስ የገፉት ወንድምም ይቺኑ መልስ ይዘው ነው የሚሄዱት። ይሄ መልስ ግማሹ ከወንጌል ነው፣ ግማሹ ግን ከኛ ፍርሃት ነው።

ተርነር በ1834 ሳውዝ ካሮላይና ተወለደ። ቤተሰቡ ባርያ አልነበረም፣ ግን በዛን ጊዜ እዛ ስቴት ጥቁርን ማንበብ ማስተማር በሕግ የተከለከለ ነበር፤ ልጁ ግን እንደምንም ፊደል ለቀመ፣ በኋላም የጠበቆች ቢሮ ውስጥ ተላላኪ ሆኖ ሲገባ ነጮቹ ጠበቆች ጭንቅላቱን አይተው ራሳቸው አስተማሩት። ገና በ19 ዓመቱ የመስበክ ፈቃድ አገኘ። የእርስ በርስ ጦርነቱ ሲመጣ ዋሽንግተን ውስጥ ፓስተር ነበር፣ በ1863 የጥቁር ወታደሮች ቻፕሊን (የሠራዊቱ መንፈሳዊ አገልጋይ) ሆኖ ተሾመ፣ በአሜሪካ ጦር የመጀመሪያው ጥቁር ቻፕሊን ማለት ነው። ከጦርነቱ በኋላ ጆርጂያ ገብቶ ከባርነት የወጡትን ሰዎች እየሰበሰበ ቤተክርስቲያን ይተክል ነበር፣ ከዛ የስቴቱን አዲስ ሕገ መንግሥት ካረቀቁት አንዱ ሆነ፣ በ1868ም ከሜከን ከተማ ለምክር ቤት ተመረጠ።

እዚህ ጋ ልብ በሉልኝ። ይሄ ሰው ለቀድሞዎቹ የባርያ ጌቶች የራራ ሰው ነበር። በእርስ በርስ ጦርነቱ የተሸነፉት የደቡብ ስቴቶች መሪ የነበረው ጄፈርሰን ዴቪስ ምህረት እንዲደረግለት ጠይቋል፣ ግብር መክፈል ያቃታቸው ባለመሬቶች ንብረታቸው እንዳይሸጥባቸው ተከራክሯል። ያሳደዱህን መርቅ የሚለውን ቃል በምክር ቤት ወንበር ላይ ሆኖ ኖሮታል። ነጮቹ የምክር ቤት አባላትስ ምን መለሱለት? ሕገ መንግሥቱ ጥቁር ይምረጥ ይላል እንጂ ሥልጣን ይያዝ አይልም ብለው፣ ሕዝብ የመረጣቸውን ጥቁር አባላት በቀለማቸው ብቻ ሊያባርሯቸው ተነሱ።

ሴፕቴምበር 3፣ 1868 ተርነር ቆሞ ተናገረ። መብቴን ለመለመን ለማንም አላጎነብስም፣ መብቴን ልጠይቅ ነው የመጣሁት አላቸው። ሰው ነኝ ወይስ አይደለሁም፣ ሰው ከሆንኩ የሰውን መብት እጠይቃለሁ አለ። ደግሞ ወደ ፍጥረት ሄደ፣ እግዚአብሔር ሁሉን ነገር ለያይቶ ነው የፈጠረው፣ ሁለት ሰው አይመሳሰልም፣ ሁለት ድምፅ፣ ሁለት ዛፍ አይመሳሰልም እያለ። እኔን የያዘኝ ግን ሌላ ቦታ ነው። አባቶቻችን ላፈሰሱት ላብ፣ እናንተ ላፈሰሳችሁት ደም ካሳ እንጠይቃችኋለን ወይ፣ በቀልስ እንጠይቃለን ወይ፣ አንጠይቅም፣ ያለፈው ይለፍ፣ አሁን የምንጠይቃችሁ መብታችንን ነው አላቸው። በአንድ ትንፋሽ ይቅርታውንም ጥያቄውንም!

ይሄ ከጌታ የተማረው ነው ብዬ አምናለሁ። ጌታ ኢየሱስ ሌላውን ጉንጭህን አዙርለት ብሎ ያስተማረው ራሱ፣ በሊቀ ካህናቱ ፊት በጥፊ ሲመታ ምን አለ? ዮሐንስ 18፥23ን አንብቡት፣ "ክፉ ተናግሬ እንደ ሆንሁ ስለ ክፉ መስክር፤ መልካም ተናግሬ እንደ ሆንሁ ግን ስለ ምን ትመታኛለህ?" አለ። አልተሳደበም፣ መልሶ አልመታም፣ ግን የመታው ሰው ያደረገውን እንዲያይ ጠየቀው። ጳውሎስም ፊልጵስዩስ እስር ቤት ሌሊቱን ሲዘምር አድሮ፣ የእስር ቤቱን ጠባቂ አጥምቆ፣ ጠዋት ገዢዎቹ "ልቀቋቸው" ሲሉ ዝም ብሎ ሹልክ አላለም፣ ያለ ፍርድ በሕዝብ ፊት የደበደባችሁን የሮሜ ዜጎችን ነው፣ ራሳችሁ መጥታችሁ አውጡን አለ (ሐዋርያት ሥራ 16)። ያ ሁሉ መዝሙር ከልቡ ምሬቱን አውጥቶለት ነበር፣ አፉን ግን አልዘጋበትም። ደግሞ አስቡት፣ ጳውሎስ ከተማውን ለቆ ቢሄድም እዛ ከተማ የሚቀሩ አዲስ አማኞች አሉ፣ ሊዲያ አለች፣ ዝም ቢል ኖሮ ነገ በነሱ ላይ ማንም ተነስቶ እጁን ሊያነሳ ይችል ነበር።

እና ሽማግሌዎቻችንን የምለምነው፣ ያቺ እህት ስትመጣ መጀመሪያ አብራችኋት ጸልዩ፣ ጥላቻው ከልቧ እንዲወጣ እርዷት፣ ከዛ ግን ወረቀቷን ይዛችሁ ቢሮ አብራችኋት ሂዱ። "አፍህን ስለ ዲዳው ክፈት" የሚለው ምሳሌ 31፥8 ለኛም ነው የተጻፈው።

ተርነርን ያን ቀን አልሰሙትም፣ አባረሩት። በዛው ወር ካሚላ በምትባል ከተማ ለፖለቲካ ስብሰባ ሰልፍ ይዘው የሄዱ ጥቁሮች ላይ ተኩስ ተከፍቶ ብዙ ሰው ሞተ። አባላቱ ወደ ወንበራቸው የተመለሱት በ1870 ነው፣ ያውም የፌደራሉ መንግሥት ገብቶ። በኋለኛው ዕድሜው ተርነር በአሜሪካ በጣም መሮት ነበር፣ ጥቁር ሕዝብ ወደ አፍሪካ ይመለስ እስከ ማለት ደረሰ፤ በዚህ እንኳ ሁሉንም አልከተለውም፣ ግን ያየውን ስላየ አልፈርድበትም። አገልግሎቱን ግን አልተወም፣ በ1880 ጳጳስ ሆነ። ፕሪቶሪያ ውስጥ ማንጌና ሞኮኔ የሚባል አገልጋይ በቤተክርስቲያን ውስጥ ባለው የዘር አድልዎ ምክንያት ወጥቶ በ1892 የኢትዮጵያ ቤተክርስቲያን ብሎ የሰየማትን ጉባኤ መሥርቶ ነበር፣ "ኢትዮጵያ እጆችዋን ወደ እግዚአብሔር ትዘረጋለች" የሚለውን መዝሙር ይዞ። ያቺ ቤተክርስቲያን ከተርነር ቤተክርስቲያን ጋር ተባበረች፣ እሱም በ1898 ራሱ ደቡብ አፍሪካ ድረስ ሄዶ አገልጋዮችን ሾመላቸው።

አሁን በፍርድ ቤት ወይ በመሥሪያ ቤት ጉዳይ የምትመላለሱ፣ በውስጣችሁ ደግሞ "ክርስቲያን ሆኜ ይሄን ማድረጌ ኃጢአት ይሆን" እያላችሁ የምትጨነቁ ካላችሁ ዛሬ ማታ ስለ እናንተ እጸልያለሁ፣ እናንተም ዮሐንስ 18ን ከመተኛታችሁ በፊት አንብቡልኝ። ተባረኩ።